ነቬያ የሚለው ስም ላይ የጠየቅኩትና የመጣው መልስ ሁሉ

ሰላም ለሁላችሁ። ጥያቄውን ያላያችሁ ካላችሁ ልድገመው። ታናሽ እህቴ አትላንታ ነው የምትኖረው፣ ሴት ልጅ ልትገላገል ቀኗ ደርሷል፣ እሷና ባሏ ልጅቷን ነቬያ ሊሏት ወስነዋል። ባሏ እዛው ጆርጂያ ተወልዶ ያደገ ጥቁር አሜሪካዊ ነው፣ ስሙን ያመጣውም እሱ ነው። ለማታውቁት፣ ነቬያ (Nevaeh) ማለት ሄቨን (Heaven) የሚለውን የእንግሊዝኛ ቃል ፊደሎቹን ከኋላ ወደ ፊት ስትጽፏቸው የሚወጣው ስም ነው፣ ሄቨን ደግሞ ያው ሰማይ፣ መንግሥተ ሰማያት ነው። ይሄ ስም ቤተሰብ ውስጥ ከተሰማ ጀምሮ ስልካችን ሰላም የለውም። አንዱ የጌቶ፣ የድሃ ሰፈር ስም ነው ይላል፣ ሌላው ስም ጠፍቶ ነው ወይ ይላል፣ እናታችን ደግሞ የማን ስም ነው ብላ ጠይቃ ከዛ ወዲህ ስለሱ አታወራም።

እኔ ስሙን ወድጄዋለሁ፣ በግልጽ ነው የምናገረው። ገነት የሚባሉ ስንት አክስትና ጎረቤት ይዘን ያደግን ሰዎች ሰማይ የሚል ስም ሲመጣ ለምን እንደምንደነግጥ አይገባኝም። የጠየቅኩት ሁለት ነገር ነው፦ ስሙ ከየት መጣ፣ ሰውስ እንዲህ የሚናደድበት ለምንድነው። መልሱ በጣም ስለበዛ፣ ሁሉንም ወርዳችሁ ማንበብ ለከበዳችሁ በየቁጥሩ ማን ምን እንዳለ በራሴ አነጋገር ልንገራችሁ፣ የኔንም ሀሳብ መሃል መሃሉ ላይ አስገባለሁ።

1ኛዋ ማርያም በሽልም ታውጣት ብላ መርቃ አነባበቡን ጠየቀች። መጀመሪያ ላይ ያለው ነ ቶሎ ይታለፋል፣ ድምፁ ከፍ የሚለው ቬ ላይ ነው፣ መጨረሻ ላይ የምትጻፈው ኤች አትሰማም።

2ኛው ሲያትል የሚኖር ሮክ ሙዚቃ የሚሰማ ልጅ ነው፣ የስሙን ታሪክ ያመጣው እሱ ነው። ፒ ኦ ዲ የሚባል የሳንዲያጎ የክርስቲያን ሮክ ባንድ አለ፣ ዘፋኙ ሶኒ ሳንዶቫል ይባላል፣ ይሄ ሰው በ2000 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው) ኤምቲቪ የሚባለው የሙዚቃ ቴሌቪዥን የታዋቂ ሰዎችን ቤት እየዞረ በሚያሳይበት ክሪብስ በሚባለው ፕሮግራም ላይ ወጥቶ ሕፃን ልጁን አስተዋወቀ፣ ስሟ ነቬያ ነው፣ አሜሪካ ስሙን የሰማው ያኔ ነው። እንደ ልጁ አባባል ከዛ በፊት ስሙ የሚባል ነገር አልነበረም፣ የፈጠረው ሳንዶቫል ነው።

3ኛዋ ይህችን የመጨረሻዋን አስተካከለች፣ በጨዋነት ግን ጠንከር አድርጋ። ሶሻል ሴኩሪቲ የሚባለው የአሜሪካ መንግሥት መሥሪያ ቤት በየዓመቱ የሚያወጣው የሕፃናት ስም ዝርዝር ኦንላይን በነፃ አለ፣ ከ1880 ጀምሮ ይዟል፣ በአንድ ዓመት ከ5 ልጅ በታች የወጣለት ስም ግን አይገባበትም። በ1999 ነቬያ የተባሉ 8 ሴት ልጆች አሉ። ስለዚህ ስሙ ከቴሌቪዥኑ በፊትም እዚህም እዚያም ነበረ፣ ዘፋኙ ያደረገው ሰው ጆሮ ውስጥ ማስገባት ነው። ከዛ ቁጥሩን ዘረገፈችው፦ በ2001 1,191 ልጆች፣ በደረጃ 266ኛ። በ2005 4,457 ልጆች፣ 70ኛ። በ2010 ደግሞ 25ኛ ሆኖ ጣራ ነካ፣ ከዛ ወዲህ እየወረደ ነው። እኔን ቁጭ ያደረገኝ የ2005ቱ ነው፣ በዛ ዓመት ነቬያ ቫኔሳንና አማንዳን በልጦ ነበር፣ ያለ ኤች የሚጻፈውን ሳራንም በልጧል። ሳራ እኮ ነው የምላችሁ፣ የአብርሃም ሚስት።

4ኛው አንድ የቴሌቪዥን ፕሮግራም ይህን ያህል ሊሠራ አይችልም ብሎ ተጠራጠረ፣ ጥሩ ጥርጣሬ ነው። 5ኛዋ የመለሰችለትን እዩልኝ፣ ከሁሉም መልስ ይሄን ነው የወደድኩት። በዛ ጊዜ አሜሪካኖቹ የሚወዱት ድምፅ ኤቫ፣ አቫ፣ ኦሊቪያ የሚል ነበር፣ ቪ ያለበት፣ አናባቢ የበዛበት፣ በአ የሚያልቅ። ነቬያ እዛው መሃል ቁጭ ይላል፣ ሚስጥሩን የማያውቅ ሰው ሲሰማው የቆየ ስም ይመስለዋል። ሌላው ደግሞ ሃይማኖተኛ የሆነ ወላጅ ሰማይን ለልጁ መስጠት ይፈልጋል፣ ግን ሄቨን ብሎ በቀጥታ መጥራት አንዳንዱን ይከብደዋል፣ ነቬያ ላይ ትርጉሙ አለ ግን ትንሽ ተሸፍኗል፣ ለሚጠይቅ ሰው ነው የሚገለጠው። አዲስ ነገር የሚፈልገውም መንፈሳዊ ነገር የሚፈልገውም አንድ ስም ላይ ተገናኙ ማለት ነው። ፕሮግራሙ በሩን ከፈተው እንጂ ሰዉ በሩ ላይ ቆሞ ነበር የሚል ነው የሷ ሀሳብ፣ እኔም በዚህ እስማማለሁ።

6ኛዋ ዳላስ ዴይኬር፣ የሕፃናት መዋያ ውስጥ የምትሠራ እናት ናት። አንድ ክፍል ውስጥ ሁለት ነቬያ ነበሩባት፣ ሁለቱም አራት ዓመታቸው፣ አንዷ ትክክለኛው ስፔሊንግ፣ ሌላዋ መጨረሻ ላይ ኢ እና ኤ የተገለባበጡበት። የልጆቹን ጃኬት መስቀያ ላይ ስም የምትለጥፈው እሷ ስለሆነች በማርከር ጽፋ ለጠፈች፣ ሁለቱንም በአንድ ዓይነት ስፔሊንግ። የመጀመሪያዋ እናት በነጋታው ልጇን ስታደርስ ምንም አልተናገረችም፣ ወረቀቷን በጥፍሯ ከጥግ ጀምራ ቀስ ብላ ላጠቻት፣ ከቦርሳዋ እስክሪብቶ አውጥታ ጀርባዋ ላይ ፊደል በፊደል ጻፈችና መልሳ ለጠፈችው። ፊደሎቹ ከተገለባበጡ ሰማዩ ይጠፋላ፣ ለዛች እናት ስሙ ያለው ቅደም ተከተሉ ላይ ነው። ልጅቷ ራሷ ስሟን የጠየቃትን ሰው ሁሉ ከኋላ ስታነበው ሄቨን እንደሚል ሳትነግር አትለቅም ነበር፣ ገና ማንበብ ሳትችል።

ስለ ስፔሊንጉ 7ኛው የጨመረው፣ የተገለባበጠው አጻጻፍ ከመብዛቱ የተነሳ ራሱን ችሎ በሶሻል ሴኩሪቲው ዝርዝር ላይ ለብቻው እየተቆጠረ መሆኑን ነው፣ ዝርዝሩ እያንዳንዱን አጻጻፍ እንደተለያየ ስም ነው የሚያየው። እህቴ ይህን አንብባ ሆስፒታል ፎርም ስትሞላ ቀስ ብላ እንደምትጽፍ ነግራኛለች።

እስከዚህ ድረስ ፍቅር ነበር። 8ኛው ላይ ነገሩ ዞረ። ትልቅ ሰው ናቸው፣ በአክብሮት ነው የማነሳቸው፣ ግን የጻፉት ከባድ ነው። ሰማይን የገለበጠ ከሰማይ ፊቱን ያዞረ ነው ባይ ናቸው፣ ቅዱስ ነገርን ወደ ኋላ መጻፍና ማንበብ የጠንቋይ ሥራ እንደሆነ፣ ልጅቷም ዕድሜዋን ሙሉ የተገለበጠ ነገር ተሸክማ እንደምትሄድ ነው የጻፉት። 9ኛዋም ደግፋቸው የደብተራ ወሬ ሁሉ አመጣች፣ እሱን አልደግመውም፣ እርጉዝ ሴት ታነበዋለች።

10ኛው ድቁና ያለው፣ አብነት ትምህርት ቤት ያደገ ልጅ ነው፣ አሁን ኮሎምበስ ነው የሚኖረው። በጣም ረጋ ብሎ ነው የመለሰው። ሴት ልጅ በ80 ቀኗ ክርስትና ስትነሳ የክርስትና ስሟ ይወጣላታል፣ ወለተ ማርያም ትሁን ወለተ ጊዮርጊስ እሱ ነው በቅዳሴና በፍትሐት የምትጠራበት፣ የዓለም ስሟ ድሮም ወላጅ ደስ ያለውን የሚያወጣበት ቦታ ነው። የኛ ሰው እኮ ማስረሻ፣ ደምመላሽ፣ ጦርነት፣ ስንት ነገር ብሎ ልጅ ጠርቷል፣ በዚህ የተከለከለ ሰው እንደሌለ አስታወሰ። የፊደል አቅጣጫ ደግሞ ሐሳብ አይደለም፣ ወላጆቹ ሰማይን አስበው ካወጡት ሐሳቡ ሰማይ ነው። 8ኛው ትልቅ ሰው ይህን አልወደዱትም፣ 11ኛ ሆነው ተመልሰው መጡና ዲያቆኑን ፈረንጅ አገር ገብቶ ትምህርቱን የሸጠ ነው አሉት። ይሄ አግባብ አልነበረም። የሰው ልጅ ሃሳቡን በጨዋ ደንብ አስቀምጦ እንዲህ መባል የለበትም፣ በተለይ ከትልቅ ሰው አይጠበቅም፣ እዛው ላይም ይህንኑ በትህትና ጽፌላቸዋለሁ።

12ኛዋ በአንድ መስመር ስምን መልአክ ያወጣዋል ብላ አለፈች። 13ኛው መልአክ ከሆነ ለምን ኤምቲቪን ይከተላል ብሎ ተሳለቀባት፣ ሳቅ የሚል ምልክትም በዛ። እኔ ግን የ12ኛዋን ነው የያዝኩት፣ አባባሉ መልአኩ በየት በኩል እንደሚመጣ አይናገርም።

14ኛው የሥራ ጉዳይ አነሳ፣ ይሄ በእውነት መነጋገር ያለብን ነው። በ2004 የታተመ የታወቀ ጥናት አለ፣ ሁለት የኢኮኖሚ ምሁራን ቦስተንና ቺካጎ ውስጥ 5,000 የሚጠጋ የሥራ ማመልከቻ ላኩ፣ ሰዎቹ የሉም፣ ሪዙሜው ተመሳሳይ ነው፣ ስሙ ብቻ ይለያያል፣ ኤሚሊና ግሬግ በአንድ በኩል፣ ላኪሻና ጀማል በሌላ በኩል። የነጭ ስም የሚመስለው ያለበት ማመልከቻ 50 በመቶ የበለጠ የስልክ ጥሪ አገኘ። የ14ኛው መደምደሚያ እህቴ ልጇን ከወደደቻት ኤሚሊ ትበላት የሚል ነው፣ ወላጅ ለራሱ ደስታ ብሎ የልጁን እንጀራ መቁረጥ የለበትም።

15ኛዋ ሂዩስተን ውስጥ ሂውማን ሪሶርስ የምትሠራ ናት፣ ሪዙሜ እያገላበጠች የምትውል ሰው። በጣም ተቆጥታ ነው የመጣችው። ጥናቱ ላይ ነቬያ የለችም፣ ይሄ አንድ፣ ስሙን ነጩም ላቲኖውም ጥቁሩም ነው የሚያወጣው፣ በስሙ ብቻ ማን እንደሆነች አትለይም። ሁለተኛ ጥፋቱ ያለው ስልክ ያልደወለው አሠሪ ላይ ሆኖ ሳለ ቅጣቱን ሕፃኗ ላይ ማምጣት ምን ዓይነት ፍርድ ነው። ሦስተኛ አበበ፣ ጫልቱ፣ ሐጎስ የሚል ስም ይዘን መጥተን የተቀጠርን ሰዎች ነን ይህን የምንወያየው።

16ኛ እኔው ነኝ፣ እዚህ ጋ ዝም ማለት አልቻልኩም። የጻፍኩት ይሄ ነው፦ ይህን ስም የጠሉት ሰዎች የሚስቁት ስሙ ላይ አይመስለኝም፣ የሚስቁት ስሙን ያወጡት ሰዎች ላይ ነው፣ ገንዘብ የሌላቸው፣ ቸርች የሚሄዱ፣ ቴሌቪዥን የሚያዩ እናቶች ላይ። ሀብታም ሰው አዲስ ስም ሲፈጥር ግን ፈጠራ ይባልለታል። የእህቴ ባል እናቱ ቸርች ውስጥ የምትዘምር ሴት ናት፣ ስሙን ስትሰማ አልቅሳለች፣ በደስታ። ያንን ዕንባ ትቼ ኢንተርኔት ላይ የሚሳለቅ ሰው ልሰማ አልችልም።

17ኛው መምህር ነው፣ እንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ያስተማረ፣ እኔን ለመደገፍ ብዙ ነገር አመጣልኝ። ቫኔሳ ዛሬ ማንም የማይስቅበት ስም ነው፣ ግን ጆናታን ስዊፍት የሚባለው ጸሐፊ ከ300 ዓመት በፊት ከራሱ የፈጠረው ነው፣ ኤስተር ቫንሆምሪ የምትባል ወዳጁን ለመጥራት፣ ቫን ከአባቷ ስም፣ ኤሳ ከኤስተር ወስዶ ገጣጠማቸው። ከቃል ፊደል መገልበጥና ከሁለት ስም ቆርጦ መቀጠል ምን ልዩነት አለው። ዌንዲም እንደዛው፣ በ1904 ለንደን ላይ የጄ ኤም ባሪ የልጆች ቲያትር እስኪታይ ድረስ በሴት ስምነት የሚያውቃት ሰው ጥቂት ነው።

18ኛዋ እዚህ ላይ ማዲሰንን ጨመረች፣ ልጇ ማዲሰን ስለሆነች በደንብ ታውቀዋለች። በ1984 የወጣ ስፕላሽ የሚባል ፊልም አለ፣ ከባሕር የወጣች ሴት ኒውዮርክ መንገድ ላይ ስም ስትፈልግ የማዲሰን አቬኑን ምልክት አንብባ ማዲሰን ልባል ትላለች፣ ሰውየው ይሄ እኮ ስም አይደለም ይላታል። ቀልድ ነበር። በ2001 በመላው አሜሪካ ለሴት ልጅ ከሚወጡት ስሞች 2ኛ ሆነ። 19ኛው የመንገዱ ስም ከፕሬዚዳንት ጄምስ ማዲሰን በቀጥታ ሳይሆን በማዲሰን ስኩዌር በኩል የመጣ መሆኑን አረመ፣ የስሙ ጅራት ሰን ወንድ ልጅ ማለት እንደሆነም ነገራት፣ 18ኛዋ ልጄ አትቀየርም ብላ በደስታ ዘጋችው።

20ኛዋ ከእስራኤል ነው የጻፈችው፣ ከርዕሱ ትንሽ ወጣ ይላል ግን እንዲቀር አልፈልግም። ቤተ እስራኤሎች ወደ እስራኤል በተወሰዱበት በዘመቻ ሙሴ ጊዜ፣ 1984 መጨረሻ ላይ፣ በሱዳን በኩል ልጅ ሆና የገባች ናት። መርከዝ ክሊታ፣ አዲስ ገቢዎችን የሚቀበለው ማዕከል ሲደርሱ አንዲት ሠራተኛ እናቷ ያወጣችላትን ስም ሰምታ ይሄ እዚህ አይሆንም ብላ በዕብራይስጥ ሌላ ስም ጻፈችላት፣ እናቷ ምን እንደተጻፈ እንኳን አልገባትም፣ ወንድሞቿም እንደዛው በአንድ ጠረጴዛ ላይ ተቀየሩ። ትልቅ ሰው ሆና ነው የሀገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስቴር ሄዳ የድሮ ስሟን ያስመለሰችው። እሷ ስለ ነቬያ ያላት ሐሳብ አጭር ነው፦ ስሙን ያወጡት እናቷና አባቷ ከሆኑ ሌላ ሰው አያገባውም። 21ኛው ፍራንክፈርት ያለ ነው፣ ጀርመን ውስጥ የስም ምዝገባ ቢሮው ስሙ ልጁን ይጎዳል ብሎ ካመነ አልመዘግብም ማለት እንደሚችል ተናገረ፣ ይሄም ይሻላል ባይ ነው። 20ኛዋ ቢሮ በስሟ ላይ ሲወስን አይታ ስላደገች የመለሰችለት በጣም ሹል ነበር፣ 22ኛው መሃል ገብቶ ወደ ርዕሱ እንመለስ ባይል ይቀጥሉ ነበር።

23ኛዋን ሁላችሁም ሂዱና አንብቡልኝ። ስሟ ነቬያ ነው! ቨርጂኒያ ተወልዳ ያደገች የአበሻ ልጅ፣ በ2003 የተወለደች፣ ዩኒቨርሲቲ የምትማር፣ አማርኛዋን ይቅርታ ብላ ነው የጀመረችው፣ ከብዙዎቻችን ግን የተሻለ ጽፋለች። ስሟን ትወደዋለች፣ የሰለቻት ሰው ሁሉ አዲስ ነገር እንዳገኘ ሆኖ ከኋላ ሲነበብ ምን እንደሚል ሊያስረዳት ሲሞክር ነው። ደሴ ያሉት አያቷ ቪ አልመጣላቸው ብሎ ነብያት እያሉ ነው የሚጠሯት፣ ስሙ ከነቢያት ጾም የመጣ ነው ብለው ለጎረቤትም እንደዛው አስረድተዋል፣ እሷም አላረመቻቸውም፣ አሁን ቤተሰቡ ግማሹ ነብያት ነው የሚላት። ይህን ለእናታችን በስልክ አነበብኩላት፣ ነብያትን ሁለት ሦስቴ ደጋግማ አለችው።

24ኛው ቀጥ ብሎ ለራሷ ልጅ ታወጣው እንደሆነ ጠየቃት። 25 ላይ አላወጣውም ብላ መለሰች፣ ምክንያቷም ስሙን አፍራበት ሳይሆን ስሙ የሷ ዘመን ልጆች ስም ስለሆነ ነው፣ ለልጇ የአያቷን ስም ነው የምትፈልገው። ተቃዋሚዎቹ ይህችን ይዘው አያችሁ ብለው ጮኹ። ምኑን ነው ያየነው? የራሱን ስም ለልጁ የሚያወጣ ስንት ሰው ነው ያለው።

26ኛዋ አማራጭ አቀረበች፣ ኤደን፣ ሊያ፣ ሰማይ፣ ገነት ራሱ። ኤደን በሁለቱም ቋንቋ የሚሄድ ቆንጆ ስም ነው፣ የባሏ ወገንም ያውቀዋል፣ ግን የወንድማችን ልጅ ኤደን ናት። 27ኛው ስድብ ነው፣ ፈረንጅ አምላኪ የሚል፣ ለሱ የምለው ልጅቷ አባት እንዳላት ነው፣ የአባቷ አገር ስም ለሷ የውጭ ስም አይደለም።

28ኛው ያው ዲያቆኑ ነው፣ እሱ ያነሳው አሁንም አልተመለሰም። ክርስትና ስትነሳ በሚሰጠው ምስክር ወረቀት ላይ የዓለም ስሟም በአማርኛ ይጻፋል፣ በምን ፊደል ነው የምንጽፈው? እኔ እስካሁን ነቬያ እያልኩ ነው የጻፍኩት፣ 23ኛዋ የሷ ኔቬያ ተብሎ እንደተጻፈ ነግራኛለች፣ አንድ ሰው ደግሞ ኤችዋ እንዳትቀር ነቬያህ ይሁን ብሏል፣ እሱ አፍ ላይ አይሄድም። ለልጃችሁ እንዲህ ዓይነት ስም አውጥታችሁ ያስጻፋችሁ ካላችሁ ደብሩ ምን ብሎ እንደተቀበላችሁ ከታች ጻፉልኝ፣ እህቴ ከመውለዷ በፊት ብትነግሩኝ ደግሞ ደስ ይለኛል።